ለቅሶ ቤት የታጠበው ሰንሰለት

አያ ሙሄ መሞቱን ጥሩንባ አልነገረኝም። በእኛ ሰፈር ሰው ሲሞት ጎህ ሲቀድ ጥሩንባ ነፊው ከላይኛው መንገድ ጀምሮ እስከ ሐይቁ ዳር እየለፈፈ ይወርዳል። ቅሬው፣ የሰፈሩ ዕድር፣ ይወጣል። ወንዱ መቃብር ይቆፍራል፤ ሴቱ ውኃና እንጨት ይዞ ለቅሶ ቤት ይገባል። ክርስቲያኑም እስላሙም ቅሬው አንድ ነው። ለአያ ሙሄ ግን ማንም አልነፋም። በሬን አንኳኩታ የነገረችኝ ሚስቱ ዘሀራ ናት። ከተጫማችው ጫማ አንዱ የሷ፣ አንዱ የሱ ነበር።

«እታለም፣ ሙሄ ሄደ» አለችኝ። «ሱብሒን ሰግዶ ጋደም አለ፤ በዚያው ቀረ። ማንን ልጥራ?»

ይህ «ማንን ልጥራ» ነው ያንገበገበኝ። ባሏ የሞተባት ሴት ተወልዳ ባደገችበት በሐይቅ ከተማ ማንን ልጥራ ትላለች? ቅሬ ያለው ሰው አይጠራም፤ ይመጡለታል። አያ ሙሄ ግን ከቅሬ የተባረረ ሰው ነበር። የተባረረውም በእኔ ባል ለቅሶ፣ እኔ በተቀመጥኩበት ድንኳን ውስጥ፣ አንድ ሰንሰለት ስላጠበ ነው።

ነገሩን ከሥሩ ጽፌ ማስቀመጥ እፈልጋለሁ። ቀስ ብዬ ነው የምጽፈው።

አያ ሙሄ የሞተር መጋዝ ሰንሰለት የሚስል ሰው ነበር። ሳዑዲ በቴምር እርሻ ላይ ቅርንጫፍ ሲቆርጥ ኖሯል። ሌላው ሲመለስ ቴሌቪዥንና ምንጣፍ ይዞ ሲመጣ እሱ ሞረድ ይዞ መጣ። ዘሀራ እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ «ሰው ወርቅ ይጠብቃል፣ እኔ የብረት መፋቂያ መጣልኝ» እያለች ታስቀን ነበር። ከደሴ ወደ ወልዲያ በሚያልፈው መንገድ ዳር፣ ሚኒባሶቹ ከሚቆሙበት ዝቅ ብሎ፣ ከዓሣ ሻጮቹ አጠገብ በቆርቆሮ የከለላት ጠባብ ቦታ ነበረችው። መብራት አላስገባባትም። «እኔን ፀሐይ ይበቃኛል» ይል ነበር።

ሥራው ከማጠብ ይጀምራል። ሰንሰለቱን ከመጋዙ ፈትቶ ነጭ ጋዝ ያለበት ሳፋ ውስጥ ይነክረዋል። የባሕር ዛፍ ሙጫ ከሰጋቱራና ከዘይት ጋር ሲደርቅ እንደ ጥቁር ቆዳ ጥርሱ ላይ ይለጠፋል፤ ያ እስኪለቅ ድረስ ንክች አያደርገውም። ከዚያ በአሮጌ የጥርስ ቡሩሽ መገጣጠሚያውን ሁሉ እያጠፈና እየዘረጋ ያጥበዋል፤ በጨርቅ ያደርቀዋል፤ ወደ ብርሃን አንሥቶ ያየዋል። የቸኮለ ደንበኛ ይነጫነጭበታል።

«አያ ሙሄ፣ ሰንሰለት ነው የምታጥበው ወይስ ሕፃን?»

«ሕፃን ቢቆሽሽ አይገድልህም» ይለዋል ቀና ሳይል። «ሳይታጠብ ጥርሱ አይታየኝም። ያላየሁትን ደግሞ አልስልም።»

ሲስልም ከሁሉ ያጠረውን ጥርስ ይፈልግና ሌሎቹን ከሱ ጋር ያስተካክላል። ክቡን ሞረድ ከውስጥ ወደ ውጭ ብቻ ይገፋል፤ ሲመልሰው ከብረቱ ያነሣዋል። ከእያንዳንዱ ጥርስ ፊት ደግሞ አንዲት ትንሽ ጉብታ አለች። ጥርሱ በአንድ ጊዜ ምን ያህል እንጨት እንደሚጎርስ የምትወስነው እሷ ናት። እሷ ላይ ሲደርስ ወሬ ያቆማል። በትንሽ የብረት መለኪያ እየለካ በጠፍጣፋ ሞረድ ዳበስ ያደርጋታል፤ ዳበስ ብቻ። በመጨረሻ ሰንሰለቱን ዘይት ውስጥ ያሳድረዋል። ጠዋት መጋዙ ላይ ይገጥመውና በጣቱ ይጎትተዋል፤ ሳይላላ፣ ሳይወጠርም በእጅ የሚዞር ከሆነ ብቻ ለባለቤቱ ይመልሳል።

ባሌ ጌታቸው እንጨት ቆራጭ ነበር። አመሻሽ ላይ ከአምባሰል ተዳፋት ሲመለስ በአያ ሙሄ ደጅ ነው የሚያልፈው።

«ጌቾ፣ ና እስቲ ወዲህ» ይለዋል ከተቀመጠበት ሳይነሣ። ኮሌታው ላይ የቀረውን ሰጋቱራ በሁለት ጣቱ ቆንጥሮ ያሸዋል። ሻካራ ከሆነ «ደኅና ነህ፣ ሂድ» ይለዋል። እንደ ዱቄት የላመ እንደሆነ ግን «ዛሬ ስትታገል ነው የዋልከው። ደንዟል፤ አምጣው» ይለዋል። እኔ ልብሱን አጣቢዋ የማላውቀውን የባሌን ድካም እሱ ከኮሌታው ያነብ ነበር።

በረመዳን ጌታቸው ይቀልድበታል። «ጾም እጅህን አዝሎት ሰንሰለቴን እንዳታበላሽብኝ።»

«የምጾመው እኔ ነኝ፤ እሱ አይጾምም» ይላል ሰንሰለቱን ከዘይት ጣሳው እያወጣ። «ይልቅ አንተ ሁዳዴ ሲገባ እዚህ ላይ ዘይት እንዳትቆጥብ። ያንተ ጾም ከሥጋ ነው፣ የሱ ቅቤ ይሄ ነው።»

ጌታቸው የሚሠራበት መጋዝ የራሱ አልነበረም። የፈንታው ነው። ፈንታው እንጨት ነጋዴ ነው፤ ባሕር ዛፍ በቁሙ ይገዛል፤ አስቆርጦ አጣናና ሳንቃ ይሸጣል። በዚያ ዓመት ለግሸን ንግሥ ለሚተከሉት ዳሶች እንጨት ሊያቀርብ ተዋውሎ ነበር። ክረምቱ ረዘመ። እንጨቱ እርጥብ ሆነ፤ ሥራው ዘገየ። ጌታቸውና አብሮት የሚሠራው ሰው እዚያው ዱሩ ውስጥ ማደር ጀመሩ፤ ስልክ እንኳ አይሠራም። ጳጉሜ ላይ ፈንታው ራሱ መጋዙን ባጃጅ ላይ ጭኖ አያ ሙሄ ዘንድ አመጣ። እኔ አጠገቡ ዓሣ እያስጠረግሁ ስለነበር የተባባሉትን በጆሮዬ ሰምቻለሁ።

«ሙሄ፣ ይህቺን ጉብታ ዝቅ አድርግልኝ። ብዙ ይጉረስ፤ ቀኑ ደረሰብኝ።»

«ልኳ ላይ ናት።»

«ልኩን የማውቀው እኔ ባለቤቱ ነኝ። ዝቅ አድርጋት!»

«እሷ ከወረደች ጥርሱ ከሚችለው በላይ ይጎርሳል። እንጨቱ ያነቀው ጊዜ መጋዙ ወደ ሰው ይዘላል። ወላሂ አልነካትም።»

«ሰው ሲለምንህ ትኮራለህ?»

«የሚይዘው ጌቾ ነው፣ ፈንታው። አንተ አይደለህም የምትይዘው።»

ፈንታው «ብረት የምታውቅ አንተ ብቻ ነህ እንዴ!» ብሎ መጋዙን አንሥቶ ሄደ። አያ ሙሄ ተነሥቶ እስከ ባጃጁ ተከተለው። «ለሌላ እንዳትሰጥ! ፈንታው፣ ለሌላ እንዳትሰጥ!» እያለ ሲጮህ ዓሣ ሻጮቹ ሁሉ ዞረው አይተዋል። ዛሬ ብትጠይቋቸው አንዱም አያስታውስም።

በማግሥቱ አያ ሙሄ ቦታውን ዘግቶ ጌታቸውን ሊያስጠነቅቅ ወደ አምባሰል ወጣ። መንገድ ላይ ተሸክመውት ሲወርዱ አገኛቸው። ፈንታው የሰንሰለቱን ጉብታ ሌላ ቦታ አስልጦ፣ ማለዳ ዱር ድረስ ወስዶ ለባሌ ሰጥቶት ኖሯል። ሲሰጠው ምን እንዳለው አብሮት የነበረው ሠራተኛ እያለቀሰ ነግሮኛል። «ሙሄ አሳምሮ ስሎልሃል፤ በል ቶሎ» ነው ያለው። ጌታቸው የአያ ሙሄ እጅ ያረፈበትን ሰንሰለት አይመረምርም። አስነሣው። መጋዙ ግንዱ ውስጥ ገብቶ ታነቀ፤ ወደ ኋላ ዘሎ አንገቱን መታው። አያ ሙሄ ሬሳውን ለሰዎቹ ትቶ እስከ ላይ ድረስ ወጣ፤ ከወደቀው መጋዝ ላይ ሰንሰለቱን ፈትቶ በኪሱ ይዞ ተመለሰ።

በሰልስቱ ድንኳኑ ሞልቶ ነበር። ፈንታው ከቅሬው ዳኛ ከአባ ይማም ጎን ተቀምጧል።

«ምን ይደረጋል፣ ቀኑ ነው» ይላል። «ሰንሰለቱንም ሙሄ አሳምሮ ስሎት ነበር። ጌታቸው ነው የቸኮለው። ትንሽ ችኩል ነበር፣ ነፍሱን ይማረውና።»

ሰው ሁሉ ራሱን ነቀነቀ። ከተቀበረ ሦስት ቀን ሳይሞላው ባሌ ችኩል ሆነ። መጋዝ ከማስነሣቱ በፊት ዛፉን ዙሪያውን ዞሮ፣ ቀና ብሎ የወፍ ጎጆ እንዳለበት የሚያይ ሰው፣ ችኩል! እንጨቱን ለንግሥ ለማድረስ የቸኮለው ማን ነበር? ተነሥቼ «እኔ ሰምቻለሁ፤ ሙሄ አልነካም ብሎታል!» አልኩ። አጠገቤ ያሉት ሴቶች እጄን ይዘው አስቀመጡኝ። «አይዞሽ፣ ሐዘኑ ነው» አሉኝ። አንዷ ውኃ አመጣችልኝ። እውነት ስትናገር ውኃ የሚሰጧት ሐዘንተኛ ብቻ ናት።

አያ ሙሄ የገባው በዚህ መሐል ነው። በአንድ እጁ ሳፋ፣ በሌላው የነጭ ጋዝ ጀሪካን ይዟል።

«ሙሄ፣ ምን ልታደርግ ነው?» አሉት አባ ይማም።

«ልሠራ ነው፣ አባ። የቆሸሸ ሰንሰለት አለኝ።»

ድንኳኑ መሐል መሬት ላይ ተቀመጠና ሰንሰለቱን ከኪሱ አወጣ። የደረቀ ሙጫና ሰጋቱራ ነበረበት። ሌላም ነበረበት፤ ፊቴን አዞርኩ። ሳፋው ውስጥ ነከረው፤ የጋዙ ሽታ ድንኳኑን ሞላው። ቡሩሹን ከደረት ኪሱ አውጥቶ ማጠብ ጀመረ። እንደ ወትሮው፣ አንድ በአንድ፣ መገጣጠሚያውን እያጠፈና እየዘረጋ። ሰው ሲያጉረመርም አልፈጠነም። አንዲት ሴት «እብድ ሆነ» ስትል አልሰማም።

«የሰው ሐዘን ላይ ብረት ታጥባለህ?» አለ ፈንታው ብድግ ብሎ። «አታፍርም?»

«ቁጭ በል። ሲጠራ ታየዋለህ።»

ከጨረሰ በኋላ ፎጣውን ከትከሻው አውርዶ አነጠፈና ሰንሰለቱን ዘረጋበት። አጠገቡ ራሱ የሳለውን ሌላ ሰንሰለት ዘረጋ።

«ኑ፣ እዩ» አለ። «ይሄኛው የሞረድ ሥራ ነው፤ ነጭ ነው፣ ጉብታዎቹም አሉ። ጌቾን የገደለው ደግሞ ይሄኛው ነው። ሰማያዊ ብሏል፤ በኤሌክትሪክ የሚሽከረከር ድንጋይ አቃጥሎታል። ጉብታው ተልጦ አልቋል። እኔ ቤት መብራት አለ? ድንጋይ አለ? ኑና በጣታችሁ ዳስሱት። ጌቾ አልቸኮለም። እኔም አልሳልኩትም። ፈንታው፣ የት ነው ያስላጥከው?»

ማንም አልተነሣም። ግን አይተውታል። ፊት ለፊት የተቀመጡት ሽማግሌዎች ዓይናቸው ሰንሰለቱ ላይ ሲያርፍና ቶሎ ሲሸሽ እኔም እነሱን አይቻቸዋለሁ። ከዚያ አባ ይማም «በቃ!» አሉ። «ለቅሶ ላይ ጠብ በቅሬያችን ክልክል ነው። አንሣው!»

ሰንሰለቱን በፎጣው ጠቅልሎ ተነሣ። በሳምንቱ ቅሬው ተቀምጦ ፈረደ፤ አያ ሙሄ ፈንታውን በሽማግሌዎች ፊት ይቅርታ እንዲጠይቅ። የድንኳኑን ቋሚና የቃሬዛውን እንጨት ለቅሬው የሰጠ ፈንታው ነውና ክብሩ ተነክቶ ማደር የለበትም።

«ምን ብዬ?» አላቸው አያ ሙሄ። «አጥቤ ስላሳየሁ?»

«ለሰላም ብለህ ነው፣ ሙሄ። ቃል ብቻ እኮ ነው።»

«ቃል ብቻ ከሆነ እሱ ይበለው። ሙሄ አልሳለውም፣ ጌቾ አልቸኮለም ይበል። ቃል ብቻ እኮ ነው።»

ከቅሬ አስወጡት። ለፖሊስ አመለከትኩ። አያ ሙሄ ብቻውን ቀርቦ መሰከረ፤ የቀረው ሁሉ አላየሁም፣ አልሰማሁም አለ። አብሮት የነበረው ሠራተኛም የፈንታውን እንጀራ ነው የሚበላው፤ ለእኔ ያለቀሰውን ለፖሊስ ማልቀስ አልቻለም። መዝገቡ ተዘጋ።

ከዚያ ወዲህ አያ ሙሄ በየለቅሶው ይመጣና ከአጥር ውጭ ይቆማል። መግባት አይፈቀድለትም፤ መቅረት ደግሞ አይሆንለትም። ሬሳው ሲያልፍ ራሱን ዝቅ ያደርጋል፤ በኋላ ብቻውን ይመለሳል። በጠራራ ፀሐይ ቆሞ ሳየው ደሜ ይፈላ ነበር። እሱ ግን አንድም ቀን ሲማረር አልሰማሁም። «እታለም፣ እኔ እኮ ቆሜያለሁ፤ የተቀመጡት ናቸው የሚደክሙት» ይለኝ ነበር።

ሰንሰለት የሚያመጡለት በስውር ሆነ። አንድ ቀን እሱ ዘንድ ተቀምጬ ሳለ የባጃጅ ሾፌር አንዱን በከረጢት ይዞ መጣ።

«የማን ነው?» አለው።

«የፈንታው ነው፣ አያ ሙሄ። ሠራተኞቹ ናቸው የላኩኝ፤ እሱ እንዳይሰማ።»

ሳፋውን ስቦ ነከረው። እኔ ነደድኩ። «የሱን? አያ ሙሄ፣ የፈንታውን ትስላለህ?»

«ፈንታው አይይዘውም» አለኝ። ሰንሰለቱን ወደ ብርሃን አነሣና እያዞረ ጥርሶቹን አያቸው። «የሚይዘውን ሰው ቤቱ የሚጠብቀው አለ።»

ንዴቴ ግን አልበረደም፤ አሁንም አልበረደም። እሱ ትዕግሥት ነበረው። እኔ የለኝም፤ እንዲኖረኝም አልፈልግም።

እንግዲህ ለዚህ ሰው ነው «ማንን ልጥራ» የተባለለት። ዘሀራን ቡና ሳላፈላላት ጎረቤቴ ዘንድ አስቀምጫት ወደ አባ ይማም ቤት ሄድኩ። ደጃቸው ላይ መፋቂያ እየነከሱ አገኘኋቸው።

«ሙሄ ሞቷል፣ አባ። ጥሩንባ ያስነፉ።»

«ኢና ሊላሂ» አሉ። መፋቂያቸውን ከአፋቸው አወጡ። ከዚያ ዓይናቸውን ወደ መሬት አደረጉ። «ከቅሬው ወጥቷል እኮ፣ አስካለ። ሕጉን ታውቂያለሽ። እንደ ጎረቤት የፈለገ ይሂድ፤ በቅሬው ስም ማስነፋት ግን አልችልም።»

«እኔስ? እኔ አባል ነኝ?»

«አንቺማ ነሽ።»

«አባል ወንድም ሲሞትበት ቅሬው ይወጣል ወይስ አይወጣም?»

«ይወጣል።»

«እንግዲያስ ወንድሜ ሞቷል።»

አባ ይማም ቀና ብለው አዩኝ። «ሙሄ ወንድሜ ነው ልትዪ ነው? አንቺ ክርስቲያን፣ እሱ እስላም?»

«የአንቱ እናት የቄስ ልጅ አልነበሩም?» አልኳቸው። «ባሌን ሊያድን ተራራ የወጣ እሱ ነው። ሬሳው ሲሰደብ የተነሣለት እሱ ነው። ሌላ ወንድም ሲሆነኝ ያዩት ሰው ካለ ይንገሩኝና ለሱ አለቅሳለሁ።»

መፋቂያቸውን ደረት ኪሳቸው ከተቱት። ከዚያ ወደ ውስጥ ተጣርተው ጥሩንባ ነፊውን አስመጡ። የነገሩት ቃል ይህ ብቻ ነው፤ «የአስካለ ወንድም ሞቷል በል።» ስሙን ከአፋቸው ማውጣት አልሆነላቸውም። ጥሩንባ ነፊው እንደተባለው እየለፈፈ ወረደ። ሰውም እየተጠያየቀ ወጣ፤ «አስካለ ወንድም ነበራት እንዴ?» ይላሉ። እኔ የሙሄ በር ላይ ቆሜ የመጣውን ሁሉ «ግቡ፣ እዚህ ነው» አልኩ። አንዳንዱ የማን ቤት እንደሆነ ሲያይ አመነታ፤ አንድም ሰው ግን አልተመለሰም። ጥሩንባ ተነፍቶበት የተመለሰ ሰው ነገ ለራሱ ማን ይወጣለታል?

ከቀትሩ የዙህር ሶላት በፊት ጀናዛው ወጣ። ተሸካሚዎቹ ሊያነሡ ሲሉ ፈንታው ከሰው መሐል ብቅ ብሎ የቃሬዛውን የፊት እጀታ ያዘ። በሰው ፊት ሊታይ ነው።

«ፈንታው፣ እጅህን አንሣ» አልኩት።

«ለነፍሱ ብዬ ነው፣ እህቴ። ሞት ያስታርቃል።»

«ባሌን ችኩል አልከው። በዚህ ሰው ስም ዋሽተህ ባሌን መጋዙን አስያዝከው። ሰንሰለቱን የት እንዳስላጥከው እዚህ ተናገርና ከዚያ ተሸከመው።»

ከኋላ አንድ ሰው «ኧረ ጀናዛ አይዘገይም» አለ። አባ ይማም ወደኔ ቀረብ ብለው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው «አስካለ፣ ለቅሶ ላይ ጠብ እንደሚያስቀጣ ታውቂያለሽ» አሉኝ።

«ቅጡኝ» አልኩ።

ፈንታው አንዱ «ተዋት» እንዲልለት ዙሪያውን አየ። ማንም አላለለትም። «ተናገር» ያለውም አልነበረም፤ ይህንንም አልረሳም። እጁን ለቀቀ። አባ ይማም ወደኔ ሳያዩ ሄደው እሱ የለቀቀውን እጀታ ያዙ፤ በዚያ ዕድሜያቸው ትከሻቸውን ከሥሩ አስገቡ። ቃሬዛው ተነሣ። ወንዶቹ ወደ መቃብሩ ሲወጡ እኔና ዘሀራ ከሴቶቹ ጋር ደጅ ላይ ቀረን።

ቅሬው በእኔ ጉዳይ ሊቀመጥ ለፊታችን እሑድ ቀጥሮኛል። ፈንታውን ይቅርታ ጠይቂ እንደሚሉኝ አውቃለሁ። እሄዳለሁ። እነሱ ሳይጠይቁኝ በፊት ግን እኔ እጠይቃቸዋለሁ፤ ባሌ ከሞተ ጀምሮ እስከ ዛሬ ድረስ ፈንታው በዚህ ቅሬ ውስጥ የተቀመጠው ምን አጥቦ ነው?